ማበጠሪያው ላይ የቀረው

ትናንት ሌሊት ስምንት ሰዓት ላይ ውሃ መጣ። የቱሉ ዲምቱ ሰው ያውቀዋል፤ ቧንቧው መጀመሪያ ያስነጥሳል፣ ቀጥሎ ቀይ ውሃ ይተፋል፣ ከዚያ እየጠራ ይወርዳል። እኔ የምነቃው በማስነጠሱ ነው። በርሜሉን ሞላሁ፣ ጀሪካኖቹን ሞላሁ፣ የልጆቹን የትምህርት ቤት ልብስ ዘፈዘፍኩ። ውሃው ከሄደ ዘጠኝ ቀን ሆኖት ነበር፤ የመጋቢት አቧራውም አለ፤ በዚያው ጸጉሬንም ልታጠብ አልኩ። እንዲህ ያለ ሌሊት እወዳለሁ። ሁሉም ፎቅ መብራቱን ያበራል፣ ከላይም ከታችም የባልዲ ድምፅ ይሰማል፣ በመስኮት የአዳማው ፈጣን መንገድ መግቢያ ሲያበራ ይታያል።

ሳለቀልቅ ውሃው እግሬ ሥር ቆመ፣ አልወርድ አለ። ጎንበስ ብዬ የወለሉን ወንፊት ባነሣው አንድ ጭብጥ ጸጉር ይዟል። ማበጠሪያዬ ላይ ደግሞ ሌላ አለ። መሬት ተቀምጬ ሁለቱን ጎን ለጎን ይዤ ብዙ ቆየሁ።

መርገፉን ከጥር ጀምሮ አውቃለሁ። ያየኝ ሁሉ «በእናትሽ ሀዘን ነው፣ አይዞሽ» ይለኛል። አክስቴ ከፋሲካ በኋላ ለጋ ቅቤ ልትቀባኝ ቃል ገብታለች። ጎረቤቴ ጸበል ይዛልኝ መጣች። እኔም ለሁሉም «አዎ፣ በሀዘን ነው» እላለሁ። እንዲህ ባልኩ ቁጥር ግን አንድ ነገር ሆዴ ውስጥ ይቀራል፤ ዛሬ ልጻፈውና ይውጣልኝ።

ሦስት ዓመት ሙሉ ሚኖክሲዲል የሚባል የጸጉር ማብቀያ መድኃኒት ራሴን ስቀባ ነበር። ከባለቤቴ በቀር የሚያውቅ ሰው የለም፤ እሱም ያወቀው ትራሱ አልኮል አልኮል ስለሸተተው ነው። ነገሩ የጀመረው ሹሩባ የምትሠራኝ ልጅ ሚዶዋን አስቀምጣ አናቴን በጣቷ ከዳሰሰችኝ ቀን ነው። «እትዬ፣ እዚህ ጋ ሳስቷል፤ ዛሬ ጠበቅ አድርጌ አልሠራሽም» አለችኝ። ልጅቷን እስከ ዛሬ አመሰግናታለሁ። ሁልጊዜ ጠብቆ የሚሠራ ሹሩባ ግንባርና ጆሮ ግንድ አካባቢ ያለውን ጸጉር ከሥሩ እየሳበ እንደሚጨርሰው ብዙዎቻችን የምናውቀው ካለፈ በኋላ ነው። የእኔው ግን ከግንባሬ አልነበረም። ለሁለት ስከፍለው መሐል ላይ የሚታየው መስመር ነው እየሰፋ የሄደው፤ ልክ እንደ እማዬ።

ሐኪሟ ባለ 2 በመቶውን አዘዘችልኝ። ጠዋት 1 ሚሊ ሊትር፣ ማታ 1 ሚሊ ሊትር፤ ጸጉሩን ሳይሆን የራስ ቆዳውን። በመጀመሪያዎቹ ሳምንታት ጭራሽ ባሰብኝ። መድኃኒቱ ያረፈውን ጸጉር ገፍቶ ለአዲሱ ቦታ ያስለቅቃል ብላ ቀድማ ባታስጠነቅቀኝ ኖሮ ያኔውኑ ጥዬው ነበር። በአራተኛው ወር መስመሩ ላይ እንደ ጨቅላ ጸጉር ያለ ለስላሳ ነገር በቀለ። በዓመቱ መስመሩ ጠበበ። ያን ሰሞን ፎቶ መነሣት ስወድ አይታችሁኛል።

እማዬ ግን ሻሿን ከራሷ አውርዳ አታውቅም። የእሷን ታሪክ የነገረችን እንዲህ ነው፦ አያቴ ሲሞት እንደ አገሯ ልማድ ጸጉሯን ተቆረጠች፤ ተመልሶ ሲበቅል አናቷ ላይ እንደ ድሮው አልሆን አለ። «ከአባቴ ጋር ነው የሄደው» ትል ነበር። ልጅ ሳለሁ አያቴ የእናቴን ጸጉር በእጁ ይዞ የተቀበረ ይመስለኝ ነበር። አሁን ሳስበው በዘር የሚመጣ የጸጉር መሳሳት ሳይሆን አይቀርም፤ እኔ ላይ የመጣው ያው ነው። ለእሷ ግን አልነገርኳትም፤ ከአባቷ ጋር የሄደውን ጸጉር በምን አፌ የዘር ነው ልበላት?

ሌላም ያልነገርኳት አለ። ሚኖክሲዲል ሲጀመር የጸጉር መድኃኒት አልነበረም። አሜሪካ ውስጥ እ.ኤ.አ. በ1979 የተፈቀደው የደም ግፊት ክኒን ሆኖ ነው፤ በሌላ መድኃኒት አልመለስ ላለ ከባድ ግፊት፣ የደም ሥርን እንዲያሰፋ። የዋጡት ሰዎች ፊታቸውና ክንዳቸው ላይ ጸጉር ሲያወጡ ጊዜ ነው ለራስ ቢቀባስ የተባለው፤ በ1988 ለወንዶች፣ ከጥቂት ዓመታት በኋላ ለሴቶች ተፈቀደ። ያነበብኩ ቀን ስልኬን አንሥቼ ነበር። እማዬ የግፊት ታማሚ፣ እኔ አናቴ ላይ የግፊት መድኃኒት። ከየት እንደምጀምር ጠፋኝና ልጆቹ ሰላም ብለውሻል ብዬ ዘጋሁ።

እማዬ የግፊት ክኒኗን፣ አምሎዲፒኑን፣ ስታቆም ምክንያቷ ቀላል ነበር። «125 በ80 ነው አሉኝ፤ ድኛለሁ። የዳነ ሰው መድኃኒት ምን ያደርግለታል?» አለችኝ። «አልዳንሽም እማዬ፤ ክኒኑ ይዞልሽ ነው። ከለቀቅሽው ይነሣል» አልኳት። «እሺ» አለች። የእሷ እሺ እምቢ ማለት መሆኑን አርባ ዓመት ሊሞላኝ ሲል እንኳ መርሳቴ እስከ ዛሬ ይቆጨኛል። መስከረም መጨረሻ ላይ ስትሮክ መታት። 18 ቀን አስታመምናት።

ያን 18 ቀን ሆስፒታል ወለል ላይ አደርኩ። የሚኖክሲዲሉ ጠርሙስ መታጠቢያ ቤቱ መስኮት ላይ ቀረ። ከቀብር ስመለስ ግማሽ ድረስ ሞልቶ እዚያው ቆሟል። ቤቱ በለቅሶ ሰው ተሞልቷል፤ እኔ ሽሮ ላስቀምጥ፣ ቡና ላስፈላ፣ ፍራሽ ልዘርጋ። መስታወት ፊት ቆሞ ጸጉር መቀባት በዚያ ሰሞን ነውር ሆነብኝ። አርባው አለፈ፤ አሁንም አላነሣሁትም። ዋጋውም ሌላ ነው፤ ሐምሌ 2016 ላይ ብሩ በገበያ ይወሰን ከተባለ ወዲህ ከውጭ የሚመጣ መድኃኒት የምትገዙ ታውቁታላችሁ። ገንዘቡ ከብዶኝ ተውኩት ብል ሰው ያምነኛል። ግን በገንዘብ አልነበረም የተውኩት።

የሰማንያው ቅዳሴ ጠዋት ነጠላዬን ልከናነብ ጸጉሬን በእጄ ሰብስብ ሳደርገው በጣቶቼ መሐል ተከትሎኝ መጣ።

የካቲት ላይ ሐኪሟ ጋ ሄድኩ። 60 ያህል ጸጉር በጣቶቿ ይዛ ቀስ ብላ ሳበች፤ 11 ወጣ። ከ6 በላይ ከመጣ በደንብ እየረገፈ ነው ማለት ነው አለችኝ። የደም ብረትና ታይሮይድ አስመረመረችኝ፤ ሁለቱም ደህና ነበሩ። ከዚያ ቁጭ ብላ አስረዳችኝ። ራሳችን ላይ 100,000 ገደማ ጸጉር አለ፤ በቀን ከ50 እስከ 100 መርገፉ የጤና ነው። አንድ ጸጉር ከ2 እስከ 6 ዓመት ያድጋል፣ ከዚያ ሦስት ወር ገደማ ያርፋል፣ ከዚያ ይወድቃል። ዛሬ የወደቀው ዛሬ የሞተ አይደለም፤ ማደግ ያቆመው ከወራት በፊት ነው።

ከባድ ሀዘን፣ ትኩሳት፣ ቀዶ ጥገና፣ ወሊድ ብዙ ጸጉር ባንድ ጊዜ ወደ ዕረፍት ይልካል። ውጤቱ የሚታየው ከሁለት ከሦስት ወር በኋላ ነው። ሚኖክሲዲልን ማቆምም እንዲሁ ነው። መድኃኒቱ እንዲያድግ ይዞት የነበረው ሁሉ አብሮ ያርፋል፣ አብሮ ይረግፋል፤ ከሦስት እስከ ስድስት ወር ባለው ጊዜ ያተረፍሽው ይሄዳል። ሰው መድኃኒቱን ስተወው ተበቀለኝ የሚለው ለዚህ ነው አለች። በቀል ግን አይደለም። ወደ ጀመርሽበት ቦታም አትመለሺም፤ ባትቀቢ ኖሮ ዛሬ ትደርሺበት ወደነበረው ነው የምትሄጂው። እኔ እንደገባኝ የሦስት ዓመት ውዝፍ ነው፣ ባንድ ወቅት የሚከፈል።

«ታዲያ ይሄ የቱ ነው?» አልኳት። በሶፍት ጠቅልዬ የወሰድኩትን ዘረጋሁላት። የእያንዳንዱ ጸጉር ሥር ላይ የመርፌ ጫፍ የምታህል ነጭ ነጥብ አለች፤ አርፎ የወደቀ ጸጉር ምልክቱ ይህች ናት። የሀዘኑም ይህች አለችው፣ የመድኃኒቱም ይህች አለችው። ሁለቱም የተነሡት ደግሞ በአንድ ሰሞን ነው። «ከወደቀው አልለየውም» አለችኝ። «ከሚመለሰው ነው የሚታወቀው። የሀዘኑ በስድስት ወር ገደማ ረገብ ይላል፣ ራሱም ተመልሶ ይበቅላል። የመድኃኒቱ ግን መድኃኒቱን ካልጀመርሽ አይመለስም።»

ወደ ቃሊቲ ስመለስ ታክሲ ውስጥ በጣቴ ቆጠርኩ። ሣልስት፣ ሰባት፣ አርባ፣ ሰማንያ፣ መንፈቅ፣ ሙት ዓመት። ጸጉሩ መርገፍ የጀመረው በሰማንያው ነው፤ የሀዘኑ ከሆነ የሚቆመው በመንፈቁ ነው። አባቶቻችን ቀኑን ሲሠሩ ጸጉር አስበው እንዳልሆነ አውቃለሁ። ቢሆንም ታክሲው ውስጥ ዓይኔ እንባ ሞላ፤ ያን ቀን የመጀመሪያዬ ነበር።

ምክንያቱም ለቅሶ ላይ አላለቀስኩም። አስከሬኑ ሲወጣ እንኳ ስንት እንጀራ እንደቀረ እያሰብኩ ነበር። ታናሼ ድምፅዋ እስኪዘጋ አለቀሰች፣ ደረቷን መታች፣ ሁለት ጊዜ ወደቀች። እኔ ውሃ ረጨኋት። «ጠንካራ ናት፣ ቤቱን የያዘችው እሷ ናት» ሲሉኝ ሰማሁ። ያኔ ደስ አለኝ፤ አሁን ሌሊት ሌሊት የሚያነቃኝ ይሄ ነው። ስለዚህ ይህ ጸጉር የእማዬ እንዲሆን እፈልጋለሁ። ዓይኔ ያላደረገውን ራሴ አድርጎት ከሆነ ማወቅ እፈልጋለሁ። ደግሞ ሰው ሁሉ በሀዘን ነው እያለ ሲያጽናናኝ፣ ነገሩ የጠርሙሱ ከሆነ፣ የማይገባኝን ማጽናኛ ነው የተቀበልኩት።

ወንድሜን ብቻ ዘወር አድርጌ ጠየቅኩት። እሱ ለጸጉሩ ፊናስቴራይድ የሚባል ክኒን ይውጣል፤ ያም ሲጀመር ለፕሮስቴት ዕጢ ማበጥ የተሠራ ነው፣ እ.ኤ.አ. በ1997 ነው ለወንዶች ጸጉር የተፈቀደው። መንገዱ ሌላ ነው፤ የጸጉሩን ሥር የሚያቀጭጨውን ሆርሞን ይቀንሳል። «ቢያቋርጡትስ?» አልኩት። «በዓመት ውስጥ ያተረፍኩት ሁሉ ይሄዳል» አለኝ። በእማዬ ለቅሶም አንድ ቀን እንኳ ሳላቋርጥ ነው የዋጥኩት ሲል ድምፁ ጥፋተኛ ድምፅ ነበር። አላስቀየምኩትም። ክኒን ባለማቋረጡ ማን ይወቅሰዋል? እሷም ባታቋርጥ ኖሮ እያልኩ የምሞት እኔ ነኝ።

ሐኪሟ እንደገና ጀምሪ ብላኛለች። ከጀመርኩ እንደ መጀመሪያው ለጥቂት ሳምንት ይብስብኛል፣ በአራትና በአምስት ወር ይታያል። ግን አሁን ከጀመርኩ የሚበቅለው ሁሉ ይቀላቀላል። የትኛው በራሱ እንደተመለሰ፣ የትኛው በጠርሙሱ እንደመጣ ማንም አይለይልኝም። ሁለተኛው ያልጀመርኩበት ምክንያት ደግሞ የእማዬ ድመት ናት። ከአርባው በኋላ እኔ ጋ አመጣኋት፤ ትራሴ ላይ፣ አንገቴ ሥር ካልሆነ አትተኛም። ሚኖክሲዲል ለድመት መርዝ ነው፤ ትራስ ላይ የነካውን በጣም ትንሽ ብትልስ እንኳ ልትሞት ትችላለች። እሷን በር ላይ አስተኝቼ ጸጉሬን ልቀባ? እስካሁን አልቻልኩም።

መንፈቋ ሦስት ሳምንት ቀርቶታል። ዝክሩ ታናሼ ቤት ነው፣ ሰንዳፋ። እንደ ሰማንያው ጸጉሯን በጥቁር ሻሽ ሸፍና ትቀበለኛለች። እሷ ምንም ተቀብታ አታውቅም፤ ጠርሙስም ክኒንም የላትም። የእሷም እየረገፈ ከሆነ፣ እህታማቾች ነን፣ የእኔም ቢያንስ ግማሹ የእማዬ ነው። የእሷ ካልረገፈስ? ያን ያህል አልቅሳ የእሷ ካልረገፈ፣ የእኔ የማን ሊሆን ነው?

ጓዳ ገብቼ «ሻሽሽን አውርጂና አሳዪኝ» ልበላት፣ ወይስ ዝም ልበል?