የማኒላ አሮጌ ሲኒማ ቤቶች

ከዱባይ ተነስቼ ማኒላ የገባሁት ሌሊት ነው። የታክሲው ሹፌር ቆጣሪውን አልከፍትም ብሎ 900 ፔሶ ተቀበለኝ። የሆቴሏ እንግዳ ተቀባይ «ግማሹም ይበዛበታል» ስትለኝ እንቅልፌ ጠፋ። አገሩን የማያውቅ እንግዳ መዝረፍ ነውር ነው።

እዚህ ያመጣኝ ፊልም ነው። ዱባይ አብራኝ የምትሠራ ፊሊፒናዊት የአገሯን ዳይሬክተር የሊኖ ብሮካን «ኢንሲያንግ» አሳይታኝ ነበር። ልጅ ሳለች እናቷ የባለጌ ፊልም ነው ብለው ከልክለዋታል። እኔ ግን ብልግና አላየሁበትም። በማኒላው የቶንዶ የድሆች ሰፈር የምትኖር ልጅ በእናቷ ውሽማ ትደፈራለች፣ ከዚያም ትበቀላለች። ፊልሙ በ1978 (ዓመቶቹን ሁሉ በፈረንጆች አቆጣጠር ነው የምጽፈው) ፈረንሳይ ካን ፊልም ፌስቲቫል ድረስ ሄዶ ታይቷል።

ጠዋት በጂፕኒ፣ እንደ ሚኒባስ ታክሲ ሰው በሚጭን ረዥም ጂፕ፣ አሮጌ ሲኒማ ቤቶች ወዳሉበት ሪዛል ጎዳና ሄድኩ። ሂሳቡ 13 ፔሶ ነበር፤ ተሳፋሪው ገንዘቡን እየተቀባበለ ለሹፌሩ ያደርስልሃል፣ መልሱም እንዲሁ ይመጣል። ደስ ሲል! ጎዳናው ግን ጨለም ያለ ነው። በ80ዎቹ የተሠራው የባቡር ድልድይ ከላይ ጋርዶታል። የፒያሳ ልጅ ስለሆንኩ አሮጌ ሲኒማ ቤት ሳልቆም ማለፍ አይሆንልኝም።

አንድ የስልክ ሽፋን የሚሸጡ አዛውንት ቆሜ ሲያዩኝ ዕቃቸውን ለጎረቤት አደራ ሰጥተው ተከተሉኝ። የትኛው ሕንፃ ሲኒማ እንደነበር እያሳዩ ወሰዱኝ። በ1970 ተማሪው አደባባይ ወጥቶ ፕሬዚዳንቱን ፈርዲናንድ ማርኮስን ሲቃወም፣ እዚህ ደግሞ «ቦምባ» ለሚባሉት የወሲብ ፊልሞች ሰው ይሰለፍ ነበር። እሳቸውም ከሁለቱም ቦታ አልቀሩም። በ1972 ማርኮስ ወታደራዊ ሕግ ሲያውጁ ሳንሱሩ ጠበቀ። ዳይሬክተሮቹም ራቁቷን ሳያሳዩ ገላዋ እንዲታይ፣ ተዋናይቷን በስስ ነጭ ልብስ ውኃ ውስጥ ማስገባት ጀመሩ። ለአዛውንቱ ገንዘብ ልሰጣቸው ብል አሻፈረኝ አሉ። ጭራሽ የኮኮናት ውኃ ጋበዙኝ።

በማግስቱ ዝናብ ነበር፤ ከሆቴል አልወጣሁም።

ከዚያ በባሕሩ ዳር ወዳለው የማኒላ ፊልም ማዕከል ሄድኩ። ዝግ ነው፤ ዘበኛው አላስገባኝም። የፕሬዚዳንቱ ሚስት ኢሜልዳ ማርኮስ ለፊልም ፌስቲቫላቸው ጥድፊያ ላይ ሳሉ፣ በኅዳር 1981 ርብራቡ ተደርምሶ ሠራተኞች እርጥብ አርማታ ውስጥ ተቀበሩ። ስንት እንደሞቱ እስከ ዛሬ ያጨቃጭቃል። ያው መንግሥት በዳይሬክተር ኢሽማኤል በርናል የ1980 ፊልም ውስጥ «ማኒላ» የሚለው ስም እንዲጠፋ አስገድዷል፤ ፊልሙ የከተማዋን ሴተኛ አዳሪዎችና ሱሰኞች ስላሳየ ነው። በ1983 ግን ገንዘብ ሲቸግር እዚሁ ሕንፃ ውስጥ ሳንሱር ያልነካቸው የወሲብ ፊልሞች ታዩ። ገላ ሲታይ ችግር የለም፣ ድህነት ሲታይ ግን መቀስ ይወጣል። ይህ እስካሁን ያናድደኛል።

ለማየት የምትፈልጉ በ«ኢንሲያንግ» ጀምሩ። በ2015 ስለታደሰ ምስሉ ጥርት ያለ ነው። ለልጆች ግን አይሆንም።