ፍጥነቱን ትቶ ጎማውን መከታተል፦ የሞቶ ጂፒ ጀማሪ ተመልካች ማስታወሻ

የሞተር ብስክሌት እሽቅድምድም የሆነውን ሞቶ ጂፒን አዲስ የሚያይ ሰው ቀድሞ የሚጠይቀው የፍጥነቱን ልክ ነው። ደቡብ አፍሪካዊው ብራድ ቢንደር እ.ኤ.አ. በ2023 በጣሊያኑ ሙጄሎ በሰዓት 366.1 ኪሎ ሜትር በርሯል፤ ይሁንና በቀጥታው መንገድ ላይ ሁሉም ስለሚቀራረቡ ይህ ቁጥር ማን ለምን እንዳሸነፈ ብዙም አይነግርም። ለእኔ ውድድሩ ይገባኝ የጀመረው ጎማውን ስከታተል ነው።

ለጀማሪ የሚያስፈልገው ደንብ ጥቂት ነው። ሞቶ 3፣ ሞቶ 2 እና ሞቶ ጂፒ የሚባሉ ሦስት ደረጃዎች አሉ፤ በዋናው ደረጃ፣ በሞቶ ጂፒ፣ ቅዳሜ አጭሩ ስፕሪንት፣ እሑድ ሙሉው ውድድር ይካሄዳል፤ አሸናፊው በስፕሪንቱ 12፣ በሙሉው 25 ነጥብ ያገኛል። የአውሮፓዎቹ የእሑድ ውድድሮች በበጋቸው ብዙውን ጊዜ በእኛ ከቀኑ 9 ሰዓት ስለሚጀምሩ ባሕር ዳር ላለን ተመልካቾች ምሳ በልቶ ለመቀመጥ ይመቻሉ፤ ለአውስትራሊያው ግን ማልዶ መነሣት ግድ ነው።

ወደ ጎማው ልመለስ። ሽምብጥ አካባቢ ለሚሠራ ጎሚስታ ወዳጄ የውድድር ጎማ ፎቶ ባሳየው «ይሄማ ያለቀ ነው፤ ማን ሸጠልህ?» አለኝ። በደረቅ አስፋልት የሚገጠመው ጎማ በእርግጥም ጥርስ የለውም፤ መሬት የሚነካው ላስቲክ በበዛ ቁጥር አያያዙ ይጠነክራልና። ጥርስ ያለው የሚወጣው ለዝናብ ሲሆን፣ በውድድሩ መሐል ከጣለ ተወዳዳሪው ፒት (ቡድኑ ሞተሩን የሚያዘጋጅበት ከመንገዱ ዳር ያለ ቦታ) ገብቶ የዝናብ ጎማ የተገጠመለትን ሁለተኛ ሞተር ይዞ ይወጣል።

የደረቁ ጎማ አመል ሙቀት መፈለጉ ነው። ከመነሻው በፊት በኤሌክትሪክ ማሞቂያ ይሸፈናል፤ ከዚያ በኋላ ሙቀቱን የሚጠብቀው አነዳዱ ራሱ፣ ማለትም ፍሬን አያያዙና በየኩርባው ሞተሩን ማጋደሉ ነው። ይህ ቁልጭ ብሎ የሚታየው በጀርመኑ ዛክሰንሪንግ ነው። ከ13ቱ ኩርባዎች ወደ ቀኝ የሚታጠፉት 3 ብቻ ናቸው፤ ከ4ኛው እስከ 10ኛው ያሉት ሁሉ የግራ ስለሆኑ የጎማው ግራ ጎን ሲግል ቀኙ ይቀዘቅዛል፤ ከዚያም 11ኛው፣ ቁልቁል የሚወርደው ፈጣን የቀኝ ኩርባ፣ በዚያው በቀዘቀዘው ጎን ላይ ድንገት ማጋደልን ይጠይቃል። ጎማ አቅራቢው ሚሽሊን የግራና የቀኝ ጎኑ ላስቲክ የተለያየ ጎማ ቢያመጣም እዚያ የሚወድቁት ብዙ ናቸው። ስፔናዊው ተወዳዳሪ ማርክ ማርኬዝ እ.ኤ.አ. ከ2013 እስከ 2019 በዋናው ደረጃ በየዓመቱ ያሸነፈው እዚሁ ነው፤ ብዙው ሰው ድፍረቱን ቢያደንቅም፣ በእኔ ግምት የሚለየው በግራ ኩርባ ላይ ያለው ችሎታ ነው።

አሁን በመማር ላይ ያለሁት ፍሬኑን ነው። የካርቦን ዲስክም ካልሞቀ በቅጡ አይዝም፤ ስለዚህ በኦስትሪያው ሬድ ቡል ሪንግ፣ ከረጅም ቀጥታ ወደ ጠባብ ኩርባ በሚገባበት ቦታ፣ ማን ዘግይቶ ፍሬን እንደሚይዝና ማን መስመሩን ስቶ እንደሚወጣ ለይቼ ለማየት አስቤያለሁ።