ካሳው አነሰ ለምትሉ
ዛሬ የመሬት ካሳ መዝገቦች ሳገላብጥ ዋልኩ። ብዙው የሚወድቀው በፍሬ ነገሩ ሳይሆን በቀኑ ነው። መሬት ለሕዝብ ጥቅም ስለሚለቀቅበትና ካሳ ስለሚከፈልበት ሁኔታ በወጣው አዋጅ ቁጥር 1161/2011 የማስለቀቂያ ትዕዛዝ የደረሰው ሰው በ30 ቀን ውስጥ ለቅሬታ ሰሚው አካል ያመለክታል፤ ካልረካ ለይግባኝ ሰሚ ጉባኤ። ፍርድ ቤት የሚመጣው ከዚያ በኋላ ነው። ደረጃ ዘሎ ክስ የመሠረተ ብዙ ጊዜ መዝገቡ ይዘጋበታል፤ እስኪመለስ ደግሞ ቀኑ አልፏል።

የማስለቀቂያ ትዕዛዙ ደብዳቤ ሲሰጣችሁ የተቀበላችሁበትን ቀን ጽፋችሁ ፈርሙ፣ ኮፒ ያዙ። "ካሳው አነሰ" ብቻ አይበቃም (ይህንንማ ሁሉም ይላል)። ስንት ባሕር ዛፍ ሳይቆጠር ቀረ? የውኃ ጉድጓዱስ፣ አጥሩስ ተመዝግቧል? የግምት ቅጹን ጠይቁና ከንብረታችሁ ጋር መስመር በመስመር አመሳክሩ። ዶዘር ሳይገባ ፎቶ አንሱ። ከፈረሰ በኋላ ክርክሩ በሙሉ በምስክር ቃል ላይ ይንጠለጠላል።