ሲዲ 2 የታለ?

ዛሬ ካራ እናቴ ጋ ሄጄ ቆራሌው በር ላይ ሲጮህ እማዬ አንድ ፌስታል ሙሉ የድሮ ሲዲ ይዛ ወጣች፣ ኧረ እማዬ ተይ ብዬ ከእጇ ቀማኋት። ገልብጬ ሳየው አብዛኛው ቫንዳምና ጃኪ ቻን፣ ላዩ ላይ በማርከር 1 እና 2 የተጻፈበት።

ለማታውቁት ልጆች፣ ቪሲዲ ማለት ፊልም የሚቀዳበት ሲዲ ነው፣ እ.ኤ.አ በ1993 የወጣ ነገር፣ አንዱ ሲዲ የሚይዘው 74 ደቂቃ ገደማ ስለሆነ ፊልሙ ለሁለት ይቆረጣል። አክተሩ ሊበቀል ሽጉጡን ሲያቀባብል ድርግም! ከዛ ባለ ቪዲዮ ቤቱ ሲዲ 2ን በቲሸርቱ ጠርጎ እስኪከት ፉጨት በፉጨት። ጥራቱ ደሞ 352 በ288 ፒክስል ነው፣ ድብድቡ ሲፈጥን ፊታቸው ሁሉ ካሬ ካሬ ይሆንና ማን ማንን እንደመታ በድምፁ ነው የምንለየው ሃሃ። ሲኒማ ቤት ውስጥ ተደብቀው በካሜራ የቀዱት ግን የብቻው ነው፣ የፈረንጆቹ ሳቅ ይሰማል፣ መሃል ላይ አንዱ ተነስቶ ሲወጣ ጭንቅላቱ ስክሪኑን ይጋርዳል፣ እኛ ደሞ እዚህ ካራ ሆነን "ቁጭ በል አንተ!" እያልን እንጮህበታለን። አሁን ጥርት ባለ ፎርኬ (4K) ፊልም እያየሁ ግማሹ ላይ እንቅልፍ ይወስደኛል።

በቃ ካራም ኮተቤም የሚሰራ የሲዲ ማጫወቻ ዴክ ያላችሁ ኢንቦክስ አርጉኝ፣ ሪሞት ባይኖረውም ችግር የለም።