ቻናል 7 የማን ነው?

የሮዝሊን ባቡር ጣቢያ ኤስካሌተር ማለቂያ የለውም። ቆመህ ትወጣለህ፣ ትወጣለህ፣ ገና ነህ። ላይ ስደርስ አርሊንግተን፣ ቨርጂኒያ ነኝ፤ ከፖቶማክ ወንዝ ማዶ ዋሽንግተን ይታያል። የመጣሁት ዊልሰን ቡሌቫርድ ላይ ያለውን የዋሽንግተኑን ቴሌቪዥን ጣቢያ፣ የቻናል 7ን መስሪያ ቤት ለማየት ነው። አዎ፣ ገና ዋይት ሃውስን እንኳ ሳላይ።

ህንጻው ራሱ አያስደንቅም። ድሮ ዩኤስኤ ቱደይ ጋዜጣ የነበረበት መንትያ ፎቅ ነው፤ ጣቢያው የገባበት በ2002 ነው (ዓመቶቹን ሁሉ በፈረንጅ አቆጣጠር ነው የምጽፈው)። ደጁ ላይ ቡናውን ይዞ የቆመ ሰው ነበር፣ ይሄ ጣቢያ የማን ነው ብዬ ጠየቅኩት። «የኤቢሲ» አለኝ፣ ይሄም ይጠየቃል ወይ በሚል ፊት።

የኤቢሲ አይደለም። ኤቢሲ አገር አቀፍ የቴሌቪዥን ኩባንያ ነው፤ የራሱ ጣቢያ ያለው በጥቂት ከተሞች ብቻ ነው። በሌላው ቦታ ከአካባቢው ጣቢያ ጋር ይዋዋላል። ድራማው፣ አገር አቀፍ ዜናው፣ ኳሱ ከኤቢሲ ይመጣል፤ የስርጭት ፈቃዱ፣ ስቱዲዮውና የከተማውን ዜና የሚሠሩት ጋዜጠኞች ግን የሌላ ባለቤት ናቸው። ያ ባለቤት ሲቀየር ተመልካቹ ምኑን ያውቃል? ቁጥሩ ያው 7 ነው፣ ዜና አንባቢዋም ያቺው ናት።

ተመልሼ ባቡር ያዝኩና ፌዴራል ትራያንግል ወረድኩ። ፔንሲልቬንያ ጎዳና፣ ቁጥር 1101 ላይ ነጭ እብነበረድ የለበሰ የሚያምር ህንጻ አለ። ኢቭኒንግ ስታር የሚባል የማታ ጋዜጣ ቤት ነበር። ቻናል 7 የተወለደው ጋዜጣው እዚህ እያለ ነው፣ ኦክቶበር 3 ቀን 1947። ከ7 እስከ 13 ባሉት ቻናሎች ላይ በአሜሪካ የመጀመሪያው ጣቢያ እሱ ነበር። ስሙ ያኔ ደብሊው ኤም ኤ ኤል ነው። ኤም ኤ ኤል የማርቲን ኤ. ሊስ ስም መነሻ ፊደላት ናቸው፤ ሰውየው መነጽር ነጋዴ ሲሆን ሬዲዮ ጣቢያውን ያቋቋመው እሱ ነው። ጋዜጣው ሬዲዮውን ሲገዛ ስሙን አልነካውም፣ ቴሌቪዥኑም ያንኑ ወረሰ።

ስታርን ኖይስ፣ ካውፍማንና አዳምስ የሚባሉ ሦስት ቤተሰቦች ከአባት ወደ ልጅ እያስተላለፉ ይዘውት ኖረዋል። የከተማው ሰዎች ናቸው። ግን የማታ ጋዜጣ ጠላቱ የማታ ቴሌቪዥን ሆነ። ሰው ከሥራ ገብቶ ጋዜጣ ከመግለጥ ቲቪ መክፈት ለመደ፣ ጠዋት የሚወጣው ዋሽንግተን ፖስት ደግሞ ገበያውን ወሰደው። ስታር ቻናል 7ን ሲያሳድግ የራሱን ተቀናቃኝ እያሳደገ ነበር ማለት ነው።

በ1970ዎቹ አጋማሽ ጆ ኤል. አልብሪተን የሚባል የሂውስተን፣ ቴክሳስ ባለ ባንክ መጣና ጋዜጣውንም፣ ሬዲዮውንም፣ ቴሌቪዥኑንም ጠቅልሎ ገዛ። ችግሩ፣ በ1975 የስርጭት ፈቃድ ሰጪው መንግሥታዊ አካል፣ የፌዴራል ኮሙኒኬሽን ኮሚሽን፣ አንድ ሰው በአንድ ከተማ ጋዜጣና የስርጭት ጣቢያ ደርቦ እንዳይገዛ ደንብ አወጣ። ከነባር ባለቤቶች ብዙዎቹን ደንቡ አልነካቸውም፣ አዲስ ገዢ ግን መምረጥ ነበረበት። ፖስት ራሱ ፈርቶ በ1978 የዋሽንግተኑን ቻናል 9 ለዲትሮይት ጋዜጣ ባለቤቶች ሰጥቶ የእነሱን የዲትሮይት ጣቢያ ወሰደ፤ ልክ እንደ ቀበሌ ቤት ልውውጥ!

አልብሪተን የመረጠው ቴሌቪዥኑን ነው። በ1977 ስሙን ደብሊው ጄ ኤል ኤ አደረገው፣ የራሱን ስም ፊደላት ማለት ነው፣ አያፍርም። በማግስቱ ዓመት ጋዜጣውን ለታይም ኩባንያ ሸጠ፤ ስታር ኦገስት 7 ቀን 1981 ተዘጋ። ሰውየውን ሰዎች ይወቅሱታል፣ እኔም ብሆን ግን ቴሌቪዥኑን ነበር የማስቀረው። ደግሞ ዝም ብሎ አልተቀመጠም፣ በ1991 ለዋሽንግተን አካባቢ ብቻ ቀኑን ሙሉ ዜና የሚያሰማ የኬብል ቻናል ከፈተ፤ ልጁ ሮበርት ደግሞ በ2007 ፖለቲኮ ከሚባለው የፖለቲካ ዜና ድርጅት መሥራቾች አንዱ ሆነ። አባትየው በ2012 ሞተ፣ በዓመቱ ልጅየው ሰባቱን ጣቢያዎች በ985 ሚሊዮን ዶላር ሸጣቸው። ሽያጩ የተጠናቀቀው በኦገስት 2014 ነው። ገዢው ሲንክሌር የሚባል ኩባንያ ነው።

የሲንክሌርን ቤት ማየት ስላማረኝ አጎቴን ለመንኩት። እሱ ከ80ዎቹ ጀምሮ እዚህ ነው፣ ፓርኪንግ ሲሠራም ታክሲ ሲነዳም ዜና የሚያየው በቻናል 7 ነው። «ስማ ልጄ፣ ሙዚየሙ ሁሉ በነጻ ተከፍቶ ያንተ ጉብኝት የቢሮ በር ነው?» አለኝ፤ ግን ቅዳሜ ስለነበር መኪናውን አስነሳ። ባልቲሞርን አልፈን ሃንት ቫሊ ገባን። የስሚዝ ቤተሰብ በ1971 ባልቲሞር ላይ በአንድ ጣቢያ የጀመረው ኩባንያ ዛሬ ከ100 በላይ ጣቢያዎች አሉት። ዋና መስሪያ ቤቱ ቢቨር ዳም ሮድ ላይ ነው፣ ጸጥ ያለ የቢሮ ሰፈር፣ ሣር፣ ፓርኪንግ፣ ሌላ ምንም።

እንግዲህ በርቀት ከሄድክ ከሂውስተን ይልቅ ይሄ ለዋሽንግተን ጎረቤት ነው። ግን አልብሪተን ዋሽንግተን ውስጥ አንድ ጣቢያ ነበረው፣ ዓይኑም እሱ ላይ ነበር። ከመቶ በላይ ጣቢያ ያለው ሰው ለመቶውም አንድ ጽሑፍ መላክ ይቀለዋል። በ2018 የሆነውም ይኸው ነው፤ በየከተማው ያሉ የሲንክሌር ዜና አንባቢዎች ስለ ሐሰተኛ ዜና አንድ ዓይነት ጽሑፍ ቃል በቃል ሲያነቡ የሚያሳይ ተቆራርጦ የተገጣጠመ ቪዲዮ ኢንተርኔቱን ሞላው።

አጎቴ ይሄን ስነግረው ብዙም አልደነቀውም። «ጋሼ፣ ባለፈው ሴፕቴምበር ጂሚ ኪሜል፣ የኤቢሲው የምሽት ቀልደኛ፣ የጠፋውስ?» አልኩት። በ2025 ኤቢሲ ራሱ ፕሮግራሙን አግዶ በስድስተኛው ቀን ሲመልሰው፣ ሲንክሌር በጣቢያዎቹ ላይ ለተጨማሪ ቀናት አላሳይም ብሎ ነበር፣ ቻናል 7ም ከእነሱ አንዱ ነው። አጎቴ መሪውን እንደያዘ ዞር ብሎ ህንጻውን ዓይን ዓይኑን አየው።

«ለካ እነዚህ ናቸው! እኔ እኮ ቲቪው ተበላሽቶ መስሎኝ ልጁን ስጨቀጭቀው ከረምኩ» አለ፣ ከዚያ የሲልቨር ስፕሪንግ ምግብ ቤቶች ሳይሞሉ እንድረስ ብሎ ማርሽ አስገባ።