ጋሼ የሌሉበት ገና

እንኳን ለጌታችን ልደት በሰላም አደረሳችሁ! ቤታችሁ ይሙላ፣ በሩቅ ያላችሁም ናፍቆታችሁ ይቅለልላችሁ። ከፒያሳ እስከ አራት ኪሎ መንገዱ ዛሬ ነጭ በነጭ ሆኗል፣ ደስ ይላል።

በየዓመቱ በዚህ ቀን ሁለት መስመር ጽፌ ነበር የማልፈው። ዘንድሮ ግን ትንሽ ይርዘምብኝ። ጋሼ በጥቅምት አርፈዋል።

የሰፈራችን ልጆች የትኛውን ጋሼ እንደምል ታውቃላችሁ። እሳቸው ሳይመጡ እኛ ሴቶቹ የወንዶቹን ሹራብ ይዘን ዳር እንቆም ነበር። እሳቸው ሹራቡን መሬት ላይ አስቀምጠው «ይኼ ጎል ነው፣ ግቡና ተጫወቱ» አሉን። ኳስ ብቻም አይደለም። በገና ሰሞን ጃን ሜዳ ወስደው ገና ያጫውቱን ነበር። ክሪኬት እንኳ አስተምረውናል። ተማሪ ሳሉ አንድ ህንዳዊ የሂሳብ አስተማሪ ነበሯቸው፣ ጨዋታውን ያዩት ከሳቸው ነው። ለኛ ከአሮጌ አልጋ ጣውላ ጠርበው መምቻ ሠሩልን። እጀታው እጃችንን እንዳይልጠን የብስክሌት ካላማዳሪ ጠቀለሉበት።

ሁለት ወሬ አይሰለቻቸውም ነበር። አንደኛው የጥር 1954ቱ የአፍሪካ ዋንጫ ፍጻሜ ነው። ግብፅን 4 ለ 2 ስንረታ እሳቸው ልጅ ሆነው ስታዲየም ነበሩ። የመንግሥቱ ወርቁን ጎል ሲያወሩ ከወንበራቸው ይነሳሉ። ሁለተኛው የኤሊስ ፔሪ እግር ነው።

ፔሪ አውስትራሊያዊት ናት። በ16 ዓመቷ፣ እ.ኤ.አ. በ2007፣ መጀመሪያ ለአገሯ ክሪኬት ተጫወተች። ሁለት ሳምንት እንኳ ሳይሞላ ለእግር ኳስ ብሔራዊ ቡድኑ ተሰልፋ ጎል አገባች። በሁለቱም ስፖርት የዓለም ዋንጫ ላይ የተጫወተች የመጀመሪያዋ አውስትራሊያዊት እሷ ናት። እ.ኤ.አ. በ2011 ስዊድን ላይ ከሳጥን ውጪ በግራ እግሯ የመታቻት ጎል ዛሬም ትታያለች። ቡድኗ 3 ለ 1 ተሸንፎ ወጣ እንጂ።

ጋሼ ግን የሚወዱት ሌላ ነገር ነው። እ.ኤ.አ. በ2010፣ ባርቤዶስ፣ የሴቶች ቲ20፣ ማለትም የአጭሩ ክሪኬት፣ የዓለም ዋንጫ ፍጻሜ። አንዲት ኳስ ቀርታለች። ኒውዚላንድ ለማሸነፍ 5 ነጥብ ትፈልጋለች፣ 4 ብታገኝ እኩል ይወጣሉ። ወርዋሪዋ ፔሪ ናት። ወረወረች፤ መቺዋ ቀጥታ ወደሷ መልሳ አጎነችው። ኳሱ ዳር ቢደርስ 4 ነበር። እጅ አይደርስበትም። ፔሪ እግሯን ዘረጋች፤ ኳሱ ጫማዋን ገጭቶ አቅጣጫውን ቀየረና ጓደኛዋ ያዘችው። አውስትራሊያ በ3 ነጥብ ብልጫ ዋንጫውን ወሰደች።

ይቺን ቪዲዮ ጋሼ መስታወቱ በተሰነጠቀ ስልካቸው ያሳዩናል። እግሯ ስትዘረጋ ላይ ያቆሙትና «ይቺ እግር የየትኛው ስፖርት ናት?» ይሉናል። ግማሻችን የክሪኬት፣ ግማሻችን የኳስ ብለን እንጮኻለን። እሳቸው መልሱን ነግረውን አያውቁም።

እኔ ኳስም ሩጫም እወድ ነበር። ያኔ የነበርኩበት ቡድን «አንዱን ምረጪ፣ አለዚያ ቦታሽን ለሌላ እንሰጣለን» አለኝ። አልቅሼ ቤት ገባሁ። ጋሼ በማግስቱ ኮታቸውን ለብሰው ሄዱላቸው። «ልጅቷን ምን አስቸኮላችሁ? ጊዜው ሲደርስ እግሯ ራሱ ይመርጣል» አሏቸው። አልሰሟቸውም። እኔ ግን ሰማኋቸው፣ እስከ ዛሬም ይሰማኛል። ፔሪም እኮ እንደዚያው ሆነላት። አንዱ የኳስ ክለቧ ሙሉ ጊዜሽን ስጪኝ ሲላት ወደ ሲድኒ ሄዳ ሁለቱንም ቀጠለች። ክሪኬቱ ያመዘነው በኋላ፣ በራሱ ጊዜ ነው። እ.ኤ.አ. በ2017 እንግሊዝ ላይ 213 ነጥብ አስቆጥራ፣ ማንም ከመምቻ ቦታዋ ሳያስወጣት ቀረች።

ሰፈራችን ከፈረሰ ወዲህ ሁላችንም ተበትነናል። ቢሆንም ለቀብራቸው ከየኮንዶሚኒየሙ በሁለት በሦስት ታክሲ መጣችሁ። ሕፃን አዝላችሁ የመጣችሁ አላችሁ። እግዚአብሔር ይስጣችሁ። የዕድራችን ሰዎች፣ አድራሻችን ቢለያይም ድንኳኑን አልነፈጋችሁንም። ሌሊት ሆስፒታል ያደረስከን የላዳው ሾፌር፣ ሒሳብ አልቀበልም ብለህ የሄድክ፣ ይኼን ካነበብክ እባክህ ደውልልኝ። ባለጫማ ጠጋኙ ወንድሜ፣ የስንቶቻችንን ታኬታ በዱቤ እንደሰፋህ እኔ አውቃለሁ። ዕድሜ ይስጥህ።

አሰልጣኞች፣ ዘንድሮ የምመኝላችሁ ትዕግሥት ነው። የ13 ዓመት ልጅ አታስመርጡ። ወላጆችም፣ ዛሬ ከምሳ በኋላ ልጃችሁ ከወንድሞቿ ጋር ልጫወት ብላ ብትነሳ ሳህን እጠቢ ብላችሁ አታስቀሯት። ሳህኑን ከጨዋታ ሲመለሱ አብረው ያጥቡታል። ይኼን ከልቤ ነው የምለው።

እትዬ፣ ይኼን ልጅዎ እንደሚያነብልዎ አውቃለሁ። ያለሳቸው የመጀመሪያው ገናዎ ነው፣ ብቻዎን አይውሉም። ከሰዓት ልጆቹን ሰብስቤ እመጣለሁ። ምንም እንዳይለፉ፣ ዶሮውም ዳቦውም ከኛ ነው። ቡናውን ብቻ እርስዎ ያፍሉልን።

መልካም ገና!