የክሪሽናን ፊት ፍለጋ

ሙምባይ በገባሁ ማግስት በማለዳ ያቀናሁት ዳዳር ወደሚባለው ሰፈር ነው። ዳዳሳሄብ ፋልኬ የመጀመሪያውን የህንድ ሙሉ ፊልም፣ «ራጃ ሃሪሽቻንድራ»ን፣ ያዘጋጀው እዚህ ሲሆን አንድ ጎዳናም በስሙ ይጠራል። ከዚያ ወደ ጊርጋኦን ወረድኩ፤ ፊልሙ እ.ኤ.አ. ሜይ 3 ቀን 1913 ለሕዝብ የታየበት ኮሮኔሽን ሲኒማ ግን ዛሬ የለም።

ፋልኬ በዚሁ በጊርጋኦን የክርስቶስን ሕይወት የሚተርክ ፊልም ሲያይ፣ በዓይነ ሕሊናው የሚመላለሱበት የሂንዱ አማልክት የሆኑት ራማና ክሪሽና እንደነበሩ ከጊዜ በኋላ ጽፏል። በቤተ ክርስቲያን ግድግዳ ላይ ስቅለቱን እያየሁ ያደግሁ ነኝና ስሜቱ አልራቀኝም። የእምነቱን ታሪክ መምረጡም ለሥራው በጅቶታል፤ ንጉሥ ሃሪሽቻንድራ ለቃሉ ሲል መንግሥቱንና ቤተሰቡን እንዴት እንዳጣ ተመልካቹ ከልጅነቱ ጀምሮ ስለሚያውቀው፣ ድምፅ በሌለው ፊልም መሀል የሚገቡት ጥቂት ጽሑፎች ይበቁት ነበር። ካሜራ ፊት የምትቆም ሴት በመጥፋቷ ንግሥት ታራማቲን የተጫወተው ሳሉንኬ የሚባል የምግብ ቤት ሠራተኛ ነው። የፋልኬ ባለቤት ሳራስዋቲባይ ደግሞ ለሠራተኞቹ ከማብሰል አልፋ ፊልም በማጠቡ ሥራ ታግዝ ነበር፤ ስሟ እንደ ባሏ አለመነሳቱ ያሳዝነኛል።

ከሁሉ በላይ ልቤን የያዘው ግን በ1919 የተሠራው፣ ከጉዞዬ በፊት ደጋግሜ ያየሁት «ካሊያ ማርዳን» ነው። ክሪሽናን የምትጫወተው የፋልኬ ልጅ ማንዳኪኒ ናት። ፊልሙ ሲጀምር ፊቷ ጎልቶ ይታያል፤ ትስቃለች፣ ትኮሳተራለች፣ ትገረማለች፤ አምላኩን ከማየታችን በፊት ሕፃኗን እንድናውቃት የተፈለገ ይመስላል። ኋላ ያችው ትንሽ ልጅ ያሙና ወንዝ ውስጥ ዘላ ገብታ ካሊያ ከተባለው እባብ ጋር ትታገላለች፤ የመንደሩ ሰው ዳር ቆሞ ያለቅሳል፤ በመጨረሻም እባቡ አናት ላይ ቆማ ትወጣለች።

ከናሺክ በአውቶቡስ ተሳፍሬ ፋልኬ በ1870 ወደተወለደባት ወደ ትሪምባክ ሄድኩ። ከጥቁር ድንጋይ የታነጸው የሺቫ ቤተ መቅደስ ደጅ ቆሜ ሰልፉን ስመለከት ቆየሁ። ምእመናኑ ያን ያህል የሚጠብቁት ዳርሻን ለሚሉት ነገር ነው፤ ይኸውም አምላኩን በዓይን ማየትና በእርሱም መታየት ነው። በ1917 የፋልኬ ፊልም «ላንካ ዳሃን» ሲታይ፣ ራማ ሸራው ላይ ብቅ ባለ ቁጥር ታዳሚው ይሰግድ ነበር መባሉን እስከዚያች ቀን ድረስ እንደ ማጋነን ቆጥሬው ነበር። ከሰልፉ መሀል አንድ አባት ሴት ልጁን ትከሻው ላይ አወጣት፤ እሷም መዳፎቿን አጋጥማ፣ በሰው ራስ ላይ አሻግራ፣ ዓይኗን ሳትነቅል ወደ ውስጥ ታይ ነበር።